የታሪክ ማስታወሻ፦ ከሁለተኛው ረድፍ

(የመግቢያ ሙዚቃ፤ ቀስ እያለ ይቀንሳል)

  የዛሬው የታሪክ ማስታወሻችን ስለ ተዋንያን ነው። ስማቸው በትልቁ ስለሚጻፈው አይደለም። ከነሱ ዝቅ ብሎ ስማቸው በደቃቅ ፊደል ስለሚያልፈው ነው። መልካቸውን እናውቀዋለን፤ ስማቸውን ስንጠየቅ ግን «ያ ሰውዬ እንኳ… ያ ክፉው…» እያልን የምንንተባተብባቸው ተዋንያን።

ታሪኩ ከአንድ ፊልም ይጀምራል። በሰኔ ወር 1965 ዓ.ም.፣ በፈረንጆቹ አቆጣጠር 1973፣ ኤምጂኤም የተባለው የአሜሪካ ኩባንያ «ሻፍት ኢን አፍሪካ» የሚል ፊልም ለተመልካች አቀረበ። ጆን ሻፍት የኒውዮርክ ጥቁር መርማሪ ነው፤ ሪቻርድ ራውንድትሪ ይጫወተዋል። የመጀመሪያዎቹን ሁለት የሻፍት ፊልሞች ያዘጋጀው ጎርደን ፓርክስ ሲሆን፣ ሦስተኛውን ጆን ጊለርሚን ተረከበ። መርማሪውም ከኒውዮርክ ተነሥቶ ኢትዮጵያ ገባ። ከቀረጻው ከፊሉ እዚሁ አገራችን ውስጥ የተሠራ ነው።

የፊልሙ ጉዳይ ዛሬ ስንሰማው አዲስ አይሆንብንም። ወጣት አፍሪካውያንን በሥራ ስም እያታለለ ወደ ፓሪስ የሚያሻግር፣ እዚያም እንደ ባሪያ የሚያሠራ ቡድን አለ። ሻፍት ከተሻጋሪዎቹ መካከል እንደ አንዱ ሆኖ ይገባና መንገዱን ከነሱ ጋር ይጓዛል። ሃምሳ ዓመት አልፎታል። ነገር ግን ልጁ ወይም ወንድሙ በደላላ እጅ ወደ ባሕር ማዶ የወጣበት የኛው የዋግ ቤተሰብ፣ ይህን ታሪክ ልብ ወለድ ነው ብሎ አያልፈውም።

አሁን ወደ ተዋንያኑ ዝርዝር እንሂድ። ከላይ የራውንድትሪ፣ የፍራንክ ፊንሌይና የቮኔታ ማጊ ስም አለ። ወረድ ስንል ሁለት ስሞች እናገኛለን። አንዱ «ዋሳ» የተባለውን ሰው የሚጫወተው ኢትዮጵያዊው ደበበ እሸቱ ነው። ሌላው «አንጄሎ» የተባለውን የሚጫወተው ስፔናዊው አልዶ ሳምብሬል ነው። አንድ ፊልም፣ አንድ ዝርዝር፣ ሁለት ደጋፊ ተዋንያን። ከዚያ ወዲያ ግን ኑሯቸው ለየቅል ሆነ። የዛሬው ማስታወሻችን ጥያቄም ይኸው ነው፤ ሁለቱን ምን ለያያቸው?

(አጭር ሙዚቃ)

ከስፔናዊው እንጀምር። ሳምብሬል የተወለደው በ1931 እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ማድሪድ ውስጥ፣ ቫዬካስ በተባለ የሠራተኞች ሰፈር ነው። ሙሉ ስሙ አልፍሬዶ ሳንቼስ ብሬል ነበር። በወጣትነቱ እግር ኳስ ይጫወት ነበር። ፊልም ውስጥ የገባበት ጊዜ ደግሞ ለሱ ዓይነት ሰው የተመቸ ሆነ። በ1960ዎቹ የፈረንጅ ዘመን የጣሊያን ፊልም ሠሪዎች የአሜሪካን የካውቦይ ታሪክ በርካሽ የሚሠሩበት ቦታ ሲፈልጉ፣ በደቡብ ስፔን አልሜሪያ አጠገብ የታቤርናስን በረሃ አገኙ። ደረቅ ሸለቆ፣ ራቁት ኮረብታ፣ ዓመቱን ሙሉ ፀሐይ። ለተመልካቹ ቴክሳስ ነው ተባለ፤ ተመልካቹም አመነ።

ታዲያ እንዲህ ያለው ፊልም ዋናውን ተዋናይ ብዙ ጊዜ ከአሜሪካ ያስመጣል። ወንበዴ ግን በብዛት ያስፈልገዋል፤ ፈረስ የሚጋልብ፣ በፀሐይ የጠቆረ፣ ሲስቅም ሲቆጣም የሚያስፈራ። ሳምብሬል ለዚህ የተፈጠረ ፊት ነበረው። ሰርጂዮ ሊዮኔ ክሊንት ኢስትዉድን ይዞ በሠራቸው ሦስቱ ታዋቂ ፊልሞች፣ ማለትም እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር በ1964፣ በ1965 እና በ1966 በወጡት ሁሉ፣ ሳምብሬል ከወንበዴዎቹ መካከል አለ። በ1968 «ዋንስ አፖን ኤ ታይም ኢን ዘ ዌስት» ሲሠራም አልቀረም። ሰርጂዮ ኮርቡቺ በ1966 ባወጣው «ናቫሆ ጆ» ደግሞ ከበርት ሬይኖልድስ ጋር ፊት ለፊት የሚፋለም የወንበዴዎች አለቃ ሆኖ ቀረበ። ፊልሞቹ ተቆጥረው ከመቶ ሃምሳ በላይ ደርሰዋል። በፈረንጆቹ 2010 ሲያርፍ አልሜሪያን የሚወዱ ሁሉ ያውቁት ነበር። በአብዛኞቹ ፊልሞቹ ውስጥ ግን ወይ በጥይት ይወድቃል፣ ወይ ሳይታወቅ ይጠፋል። አዲስ አበባ ሲኒማ ቤት የገባ የአራዳ ልጅ «አክተሩ አይሞትም» ይል ነበር። ሳምብሬል አክተር አልነበረምና መሞት ሥራው ነበር።

እዚህ ላይ ሬዲዮ ለሚያደምጥ ሰው የሚገርም አንድ ነገር አለ። እነዚህ ፊልሞች ሲቀረጹ ድምፅ አብሮ አይቀዳም ነበር፤ ወይም ቢቀዳም ለመጨረሻው ቅጂ አይውልም። ተዋናዩ አንዱ በስፔንኛ፣ አንዱ በጣሊያንኛ፣ አንዱ በእንግሊዝኛ ይናገራል። በኋላ ስቱዲዮ ውስጥ ሌሎች ሰዎች ገብተው ድምፅ ይጨምሩበታል። ስለዚህ ተመልካቹ የሚያየው ወንበዴ ከንፈሩ የሱ ቢሆንም ድምፁ ብዙ ጊዜ የሌላ ሰው ነው። ሰውየው ለፊቱ ተፈለገ፤ ድምፁ አልተፈለገም።

(አጭር ሙዚቃ)

የኛ አገር መንገድ ግን የዚህ ተቃራኒ ነበር። ደበበ እሸቱ ወደ ሙያው ሲመጣ በኢትዮጵያ የፊልም ኢንዱስትሪ የሚባል ነገር አልነበረም። የነበረው ትያትር ነው። ሀገር ፍቅር በ1927 ዓ.ም. ተመሥርቶ ነበር። የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ትያትር በ1948 ዓ.ም. በብትወደድ መኰንን እንዳልካቸው «ዳዊትና ኦሪዮን» በሩን ከፍቷል። በ1950ዎቹ አጋማሽ ደግሞ በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ የኪነ ጥበብ ማዕከል ተቋቁሞ ወጣቶችን ሰብስቦ ያሠለጥን ጀመር። ከእነዚህ ወጣቶች መካከል ደበበ እሸቱና ወጋየሁ ንጋቱ ይገኛሉ። ሁለቱም ወደ ሃንጋሪ ተልከው የትያትር ትምህርት ተከታተሉ።

ሲመለሱ የጠበቃቸው መድረክ ነው። ጊዜውም ጥሩ ነበር። ጸጋዬ ገብረ መድኅን ሼክስፒርን በአማርኛ ያናግራል። መንግሥቱ ለማ በ«ጠልፎ በኪሴ»ና በ«ያላቻ ጋብቻ» ሕዝቡን እያሳቀ ይነካዋል። እንዲህ ባለው መድረክ ላይ የቆመ ተዋናይ ዋናው መሣሪያው ጉሮሮው ነው። የአዳራሹ መብራት ከኋላ ረድፍ ለተቀመጠው ሰው ፊቱን አያሳይለትም። ፈገግታውን፣ ጥርጣሬውን፣ ቅናቱን በድምፁ ማድረስ አለበት። ቃሉ የቱ ላይ እንደሚጠብቅ፣ የቱ ላይ እንደሚላላ፣ ዝምታው ስንት ትንፋሽ እንደሚቆይ ማወቅ አለበት። ሳምብሬል በረሃ ላይ ተቀምጦ ዓይኑን ቢያጠብ ካሜራው መጥቶ ይወስድለታል። የኛ ተዋናይ ግን ራሱ ተመልካቹ ጋ መድረስ ነበረበት።

ይህ ትምህርት በተለይ እንደ ዋግ ላለ፣ ትያትር ቤት ለሌለው አካባቢ ጠቀመ። ሲኒማም ትያትርም በሌለበት ደጋ ላይ ሬዲዮ ነበር። የደበበ የሥራ ባልደረባ ወጋየሁ ንጋቱ የሐዲስ ዓለማየሁን «ፍቅር እስከ መቃብር» በኢትዮጵያ ሬዲዮ ሲተርክ አገሩ ሁሉ ሰማው። ከሱ በኋላ የመጣው ፍቃዱ ተክለማርያምም በመድረክ ንጉሥ ሆኖ የሚነግሠውን ያህል በሬዲዮ ትረካ ይታወቅ ነበር። መልካቸውን አይቶ የማያውቅ ገበሬ ድምፃቸውን ከመቶ ድምፅ ለይቶ ያውቀዋል። የስፔኑ ተዋናይ ፊቱ በዓለም ሲዞር ድምፁ ቀረ፤ የኢትዮጵያው ተዋናይ ድምፁ አገር ሲዞር ፊቱ አዲስ አበባ ቀረ።

(አጭር ሙዚቃ)

አድማጮቻችን፣ ወደ 1965 ዓ.ም. እንመለስ። ሻፍት ለሕዝብ በቀረበበት ዓመት ዋግ ምን ላይ ነበረች?

ዋግ ያኔ በወሎ ጠቅላይ ግዛት ሥር ያለች አውራጃ ነች፤ መቀመጫዋ ሰቆጣ። የወሎ ሰው ደግሞ በዚያን ጊዜ በረሃብ እየረገፈ ነው። ዝናቡ ቀርቷል፣ ከብቱ አልቋል፣ ግብሩና የመሬት ኪራዩ ግን አልቀረም። መንግሥት ነገሩን ሸፍኖ ይዞታል። በአሥር ሺዎች የሚቆጠር ሰው አልቆ እንኳ በአዋጅ የሚነገር ነገር አልነበረም።

ከሻፍት አራት ወር ያህል ቆይቶ፣ በጥቅምት 1966 ዓ.ም.፣ ሌላ ፊልም ወጣ። የእንግሊዙ ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ ወሎ ገብቶ የቀረጸው ነው። ርዕሱ «ያልታወቀው ረሃብ» የሚል ነበር። በእንግሊዝ ቴሌቪዥን ታየ፤ ዓለምም ደነገጠ። በዚህ ፊልም ውስጥ ያሉት ሰዎች አይተውኑም። በመጨረሻ ስማቸው አይዘረዘርም። ዋሳም አንጄሎም ልብ ወለድ ሲሆኑ ስም ነበራቸው። በመጠለያው ደጃፍ የተቀመጠችው የወሎ እናት እውነተኛ ሰው ሆና ስም አልነበራትም።

ይህ ፊልም በኋላ የተጫወተውን ሚና ደግሞ ታውቃላችሁ። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ሥራ የጀመረው በ1957 ዓ.ም. ነው። ያን ጊዜ ከአዲስ አበባ ራቅ ብሎ እምብዛም አይታይም ነበር። ግን መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም.፣ በዘመን መለወጫ ምሽት፣ ደርግ የዲምብልቢን ፊልም ከቤተ መንግሥት ድግስ ምስሎች ጋር እያቀላቀለ አሳየ። በማግስቱ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው ወረዱ። ቴሌቪዥን በኢትዮጵያ ታሪክ የመጀመሪያውን ትልቅ ሚናውን የተጫወተው በዚያች ሌሊት ነው ብንል አልተሳሳትንም። ታዳሚው አዲስ አበባ፣ የሚታየው ደግሞ የወሎ ሰው ነበር። የወሎ ሰው ራሱ ግን ፊልሙን አላየውም።

እንግዲህ በአንድ ዓመት ውስጥ ሁለት ፊልሞች ኢትዮጵያን ለዓለም አሳዩ። በአንዱ አገሪቱ ለአሜሪካዊ ጀግና መድረክ ሆነች። በሌላው ለእንግሊዛዊ ጋዜጠኛ ምስክር ሆነች። በሁለቱም ታሪኩን የሚመራው ከውጭ የመጣ ሰው ነው። ደበበ እሸቱ ሠላሳ ዓመት ያህል የሆነው ሠልጣኝ ተዋናይ ሆኖ፣ በገዛ አገሩ በሚሠራ ፊልም ላይ ቦታው ሁለተኛ ረድፍ ነበር።

(አጭር ሙዚቃ)

ከዚያ በኋላ ስፔናዊው በየዓመቱ ሥራ ነበረው። ምክንያቱ የሱ ችሎታ ብቻ አይደለም። ስፔን ካሜራ ነበራት፣ ላብራቶሪ ነበራት፣ ከጣሊያንና ከጀርመን ጋር በሽርክና የሚሠሩ አምራቾች ነበሯት። ወንበዴ የሚፈልግ ፊልም አንዱ ሲያልቅ ሌላው ይጀምራል። ደጋፊ ተዋናይ የሚኖረው በዚህ ነው። ዋና ተዋናይ በአንድ ትልቅ ፊልም ስም ያገኛል። ደጋፊ ተዋናይ ግን የሚያድገው በመደጋገም ነው። አንድን ዓይነት ሰው ደጋግሞ እየተጫወተ፣ በየጊዜው ትንሽ ትንሽ እየለወጠ፣ ተመልካቹ «አሃ፣ መጣ!» እስኪል ድረስ።

በኢትዮጵያ ከአብዮቱ በፊት የተሠሩት ረጃጅም የአማርኛ ፊልሞች በጣት የሚቆጠሩ ናቸው። «ሂሩት አባቷ ማነው» እና «ጉማ» ይታወሳሉ። ኃይሌ ገሪማ በ1966 ዓ.ም. መጨረሻ ግድም፣ አብዮቱ እየፈነዳ ሳለ፣ አገር ቤት መጥቶ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን ቀረጸ። ይህ ትልቅ ፊልም ነው፤ ግን አንድ ፊልም ብቻውን ለተዋንያኑ ቀጣይ ሥራ አይሆንም። በደርግም ጊዜ ፊልም የመንግሥት ሥራ ስለነበር ቁጥሩ ብዙም አልጨመረም። ስለዚህ ደበበን የመሰለ ሰው ዕድሜውን ያሳለፈው በመድረክ ላይ ነው። ትያትር ደግሞ ምሽቱ ሲያልቅ አብሮ ያልቃል። ስንት ሚና እንደተጫወተ የሚያስታውሱት አዳራሹ ውስጥ የነበሩት ብቻ ናቸው።

ደበበ በፖለቲካም መድረክ ላይ ወጣ። በ1997 ዓ.ም. ምርጫ ከተቃዋሚው ቅንጅት ጋር ቆመ። በ1998 ዓ.ም. ከፓርቲው መሪዎች ጋር ታሰረ፤ በሐምሌ 1999 ዓ.ም. በይቅርታ ተፈታ። በ2003 ዓ.ም. ጳጉሜን ወር እንደገና ተይዞ ከወራት በኋላ ተለቀቀ። ይህን የምናነሣው ፖለቲካውን ለመዳኘት አይደለም። አንድ ተዋናይ በዚህ ዕድሜው ከመድረክ እንዲህ ሲርቅ፣ ከሙያው የሚጎድለው ዓመት ስንት እንደሆነ ለማስታወስ ነው።

(አጭር ሙዚቃ)

አሁን ወደ 2014 እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር እንለፍ። በእስራኤል አገር ያደገው ኢትዮጵያዊ አዘጋጅ ባዚ ጌቴ «ቀይ ቅጠሎች» የተሰኘ የመጀመሪያ ረጅም ፊልሙን ሠራ። ታሪኩ የአንድ የሰባ አራት ዓመት አዛውንት ነው። ከኢትዮጵያ ወጥቶ እስራኤል ከገባ ሃያ ስምንት ዓመት ሆኖታል። ሚስቱ ስትሞት ቤቱን ይሸጥና ከልጆቹ ዘንድ ሊኖር ይነሣል። ልጆቹ ጋ ሲደርስ ግን የሱ ሕግ እዚያ እንደማይሠራ ያያል። ቃሉ አይከበርም፤ ልጆቹ የራሳቸው ኑሮ አላቸው። የሼክስፒርን ንጉሥ ሊር የሚያውቅ ሰው የታሪኩን አጥንት ወዲያው ይለየዋል።

ያንን አዛውንት የተጫወተው ደበበ እሸቱ ነው። በመሪነት። ከሻፍት አርባ አንድ ዓመት በኋላ።

ልዩነቱን አስተውሉ። በ1965 ዓ.ም. የውጭ አገር ሰው ኢትዮጵያ መጥቶ ጀግና ሲሆን ደበበ አጠገቡ ቆመ። በ«ቀይ ቅጠሎች» ኢትዮጵያዊው ራሱ ባዕድ አገር ውስጥ ነው፤ ካሜራውም እሱን ተከትሎ ከቤት ቤት ይዞራል። የሚናገረው በአብዛኛው አማርኛ ነው። በሃንጋሪ የተማረው፣ በአዲስ አበባ መድረክ የሠራበት፣ ያ ሁሉ የድምፅና የዝምታ ልክ እዚህ ጠቀመ። አዛውንቱ ብዙ አይናገርም። ሲናገር ግን ትእዛዝ ነው። ልጆቹ አንሰማህም ሲሉት የሚሰበረው ከድምፁ ነው፤ ፊቱ ከዚያ በኋላ ይከተላል።

የዋግ አድማጭ እዚህ ላይ የራሱን ነገር ያገኛል። ፊልሙ የሚተርክላቸው ቤተ እስራኤላውያን፣ ማለትም የኢትዮጵያ አይሁድ፣ በቀደመው ዘመን የአገው ቋንቋ ይናገሩ ነበር፤ በጸሎታቸው ውስጥ እስከ ቅርብ ጊዜ ድረስ የአገውኛ ክፍሎች ቀርተዋል። ኽምጣኛ የሚናገር የዋግ ሰው ከዚያ ቋንቋ ቤተሰብ ነው። አባት ለልጅ የማይገባበት፣ የአያት ቋንቋ በልጅ ልጅ አፍ የሚጠፋበት ሕመም የቴል አቪቭ ብቻ አይደለም፤ ለሰቆጣም የራቀ አይደለም።

(አጭር ሙዚቃ)

ስለ ቴሌቪዥንም አንድ ነገር ብለን እንሰናበት። በኛ አቆጣጠር ከ1990ዎቹ ጀምሮ ዲጂታል ካሜራ ሲመጣ በአዲስ አበባ ፊልም በብዛት መሠራት ጀመረ። ቀጥሎ ተከታታይ የቴሌቪዥን ድራማ መጣ። «ሰው ለሰው» ሲተላለፍ፣ አስናቀ የተባለውን ክፉ ሰው የተጫወተው አንጋፋው ተዋናይ አበበ ባልቻ በየቤቱ መነጋገሪያ ሆነ። ሰዉ ይጠላዋል፤ ግን ሳያየው አያድርም። አስናቀ ባይኖር ኖሮ ደጉን ደግ የሚያሰኘው ማን ነበር?

ሳምብሬል አልሜሪያ ላይ ያገኘውን ነገር የኢትዮጵያ ተዋናይ ያገኘው እንግዲህ ያን ጊዜ ነው። በየሳምንቱ መመለስ፣ አንድን ሰው በዝግታ ማሳደግ፣ ተመልካቹን ማስለመድ። ስለዚህ በመነሻችን ላይ ያነሣነው ጥያቄ መልሱ ይሄው ነው። ሁለቱን ተዋንያን የለያያቸው ተሰጥኦ አልነበረም። የሥራው ብዛት ነው። አንድ አገር ክፉውን፣ ጎረቤቱን፣ ጥጋበኛውን ቀላዋጭ፣ ተንኮለኛውን ጸሐፊ ደጋግሞ የሚጫወት ሰው እንዲኖረው ከፈለገ ደጋግሞ መሥራት አለበት። አንድ ትልቅ ፊልም በአሥር ዓመት አንዴ መሥራት ጀግና ያወጣል እንጂ ደጋፊ ተዋናይ አያወጣም። ደጋፊ ተዋናይ የሌለው ፊልም ደግሞ ዋናው ሰው ብቻውን የሚንገላታበት ነው።

ይህ ነገር ለዋግም ይሠራል። እኛ ዘንድ ስቱዲዮ ባይኖርም በየትምህርት ቤቱ የትያትር ክበብ አለ፤ ሬዲዮ አለ፤ በኽምጣኛና በአማርኛ የሚነገር የሰፈር ታሪክ አለ። ወጋየሁና ፍቃዱ መላውን አገር የገዙት በማይክራፎን ነው። የሰቆጣ ወይም የጽጽቃ ልጅ ተዋናይ መሆን ቢፈልግ የመጀመሪያው ትምህርት ቤት እዚሁ አለ፤ ዘፈኑን ሳይሆን ንግግሩን ማድመጥ፣ የገበያውን ነጋዴ፣ የሸንጎውን ሽማግሌ፣ የሠርጉን ቀልደኛ አነጋገር መያዝ። ዋናው ሚና ሳይሰጠው ሁለተኛውን በደንብ ቢጫወት ምንም አልጎደለበትም። ደበበ እሸቱም ከዚያ ረድፍ ነው የተነሣው።

 

(የመዝጊያ ሙዚቃ)